ቴክኖ ካሞን ሲ8 በእኛ እጅ፤ ጠባዩ፣ አቀባበሉና እርጅናው

(በኪንዶ ዲዳዬ ወረዳ ሃላሌ ከተማ ለሕዝብ የቀረበ ትምህርታዊ ንግግር ሙሉ ቃል)



ከሶዶ ተነሥቶ እዚህ ድረስ የመጣ መምህር ስለ ግልገል ጊቤ 3 ወይም ስለ እንሰት አጠውልግ በሽታ ይናገራል ብላችሁ ጠብቃችሁ ይሆናል። ሁለቱም ሊነገርላቸው የሚገቡ ታላላቅ ጉዳዮች ናቸው። የዛሬው ርእሴ ግን አንድ አሮጌ ስልክ ነው፤ ቴክኖ ካሞን ሲ8 ይባላል፤ በእኛ አገር አጠራር «ሲ8»። በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ ገደማ ገበያ ላይ የወጣ ነው። ዛሬም በዚህ አዳራሽ ውስጥ ጥቂቶቻችሁ እንደያዛችሁት ከፊት ረድፍ አይቻለሁ። የእኔ ደግሞ ይኸውና፤ መስተዋቱ ጥግ ላይ ተሰንጥቋል፤ ይደውላል፣ ፎቶ ያነሣል፣ ሬዲዮ ያሰማል።

ስለዚህ ስልክ የምሟገተው አንድ ነገር አለኝ። ሲ8 የተወደደው ሠሪዎቹ ገና ከመነሻው ስለ ገዢው ኑሮ ስለ ጠየቁ ነው። አሁን ከአገልግሎት እየተገፋ ያለው ደግሞ ከብልሽት ይልቅ፣ በበይነ መረብ አገልግሎት የሚሰጡ ሰዎች ስለ እርሱና ስለ ባለቤቱ መጠየቅ በመተዋቸው ነው። ከእነዚህ ሰዎች መካከል እኛ የዩኒቨርሲቲ ሰዎችም እንገኛለን።

አስቀድሜ ስለ ሠሪው ጥቂት ልበል። ቴክኖ የትራንሽን ኩባንያ ምርት ነው። ኩባንያው እ.ኤ.አ. በ2006 የተመሠረተ የቻይና ድርጅት ሲሆን፣ ከሁለት ዓመት በኋላ ዐይኑን ሙሉ በሙሉ ወደ አፍሪካ መለሰ። በቻይና ገበያ ይህ ነው የሚባል ቦታ የለውም፤ የቤጂንግ ወጣት ቴክኖ ሲባል ምን እንደሆነ ላያውቅ ይችላል። አይቴልና ኢንፊኒክስም የዚሁ ቤት ልጆች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2011 በአገራችን የመገጣጠሚያ ፋብሪካ ስለ ከፈተ፣ ስልኩ በእኛው ወጣቶች እጅ የሚገጣጠም ዕቃ ሆኖ ወደ ገበያችን ገባ።

የሲ8 መስተዋት 5.5 ኢንች ነው። የማስታወሻ አቅሙ 1 ጊጋባይት፣ የዕቃ ማስቀመጫው 16 ጊጋባይት፤ የኋላ ካሜራው 13 ሜጋፒክስል፣ የፊቱ 5 ሜጋፒክስል፤ ባትሪው 3000 ሚሊ አምፒር ሰዓት፤ ሁለት ሲም ካርድ ይቀበላል፤ የሚሠራበት ሥርዓት አንድሮይድ 5.1 ነው። ቁጥር ብቻውን ብዙ አይናገርም፤ ንጽጽር ያስፈልገዋል። በዚያው ዓመት የወጣው አይፎን 6ኤስ ባትሪው 1715 ሚሊ አምፒር ሰዓት ብቻ ነበር። በእርግጥ የአይፎኑ መስተዋት ትንሽ ነው፤ የሚበላውም ኃይል ያነሰ ነው፤ ስለዚህ ሁለቱን ቁጥሮች ጎን ለጎን አስቀምጦ ይህ ያንን እጥፍ ሊሆን ጥቂት ቀረው ማለት አግባብ አይሆንም። ቁም ነገሩ ሌላ ነው። አንደኛው የተነደፈው ማታ ማታ አልጋው አጠገብ ሶኬት ላለው ሰው ነው። ሁለተኛው መብራት ሊጠፋበት ለሚችል፣ ወይም ስልኩን ቻርጅ ለማስደረግ የገበያ ቀን ጠብቆ ወደ ከተማ ለሚወጣ ሰው ጭምር ታስቦለታል። ከግድቡ ብዙም ሳይርቁ እየኖሩ ስልካቸውን በሰው ሱቅ ከፍለው ቻርጅ የሚያስደርጉ ሰዎች ይህን ከእኔ የበለጠ ያውቁታል።

ዛሬ ረዘም አድርጌ ልቆይበት የምፈልገው ግን ካሜራው ነው።

ካሜራ ፎቶ ሲያነሣ ምን ያህል ብርሃን እንደሚያስገባ መወሰን አለበት። ውሳኔውን የሚሰጠው በፊቱ ያለውን ነገር ሁሉ አማክሎ፣ አማካዩ መካከለኛ ግራጫ እንዲሆን በመጣር ነው። አሁን አንዲት እናት ቀትር ላይ በሃላሌ ሜዳ፣ ከኋላዋ ነጭ ሰማይ ተዘርግቶ ቆማለች እንበል። ካሜራው ሰማዩን አይቶ «ብርሃኑ በዝቷል» ይልና ይቀንሳል። ሰማዩ ያምራል፤ የእናቲቱ ፊት ግን ዐይንና ጥርስ ብቻ የሚታዩበት ጥቁር ቅርጽ ይሆናል። ቤት ውስጥ በደካማ መብራትም ያው ነው፤ መልክ ከግድግዳ ጋር ይዋሐዳል። በርካታ ቤተሰቦች የአያቶቻቸው ፎቶ አለን ይላሉ፤ ሲያሳዩን የምናየው ነጠላውን ነው።

ይህ ችግር ከስልክ በፊትም ነበረ። የኮዳክ ኩባንያ ከ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. ጀምሮ ለፎቶ ቤቶች ቀለም ማስተካከያ የሚሆን ካርድ ይልክ ነበር። በካርዱ ላይ ያለችው ነጭ ሴት ነበረች፤ ካርዱም «ሸርሊ» በሚል ስም ይጠራ ነበር። የእርሷ ቆዳ አምሮ ከወጣ ፊልሙ ትክክል ነው ተባለ። ካናዳዊቷ ምሁር ሎርና ሮት ይህን ታሪክ መርምረው ሲጽፉ አንድ የሚያስደንቅ ነገር አውጥተዋል። ፊልሙ ጠቆር ያሉ ቀለሞችን ለይቶ እንዲያሳይ ኩባንያውን ከገፋፉት መካከል የቤት ዕቃና የቸኮሌት አምራቾች ይገኙበታል። የእንጨቱና የቸኮሌቱ ቀለም በማስታወቂያ ላይ አልለይ ብሏቸው አቤቱታ አቀረቡ። የጥቁር ሰው ፊት ለረጅም ዘመን ተመሳሳይ ችግር ነበረበት፤ እንደ ቸኮሌት ግን ጠበቃ አላገኘም።

ካሞን በሚለው ስም የወጡት ስልኮች ይህን ችግር የንግድ ዕድል አድርገው ተመለከቱት። የኩባንያው ባለሙያዎች ከአፍሪካ ብዙ ፎቶዎችን ሰብስበው፣ ካሜራው በደካማ ብርሃን ፊትን ለማግኘት በዐይንና በጥርስ እንዲመራ፣ ለጠቆረ ቆዳም ብርሃን እንዲጨምር አደረጉ። ስሌት ነው እንጂ አስማት አይደለም፤ ለትርፍ የተደረገ እንጂ ለጽድቅም አይደለም። ደግሞም የሲ8 ፎቶ ሁሉ ግሩም ነው አልልም፤ ቆዳን እንደ ሰም ያለሰልሳል፣ የሽማግሌን የፊት መሥመር ያጠፋል። እኔ በግሌ ይህን አልወድለትም፤ የአባቶቻችን የግንባር መሥመር ሊታይ ይገባል።

ያም ሆኖ አቀባበሉን የወሰነው ይህ ካሜራ ነው ብዬ አምናለሁ። ከወላይታ ስንት ወጣት ወደ አዲስ አበባና ወደ ሌሎች ከተሞች ለሥራ እንደሚወጣ እናንተ ታውቃላችሁ። ጫማ የሚያሳምር፣ የቀን ሥራ የሚሠራ፣ ከዚያም አልፎ ደቡብ አፍሪካ የደረሰ አለ። ለጊፋታ ወደ ቤቱ ሲመለስ ከሚያመጣው ነገር አንዱ በእጁ ያለው ስልክ ነው። በዓሉ በመስከረም ነው፤ ሜዳው አረንጓዴ ነው፤ ቤተሰብ በአንድነት ይሰበሰባል። እናት፣ አባት፣ ታናናሾች ፎቶ ይነሣሉ። ወጣቱ ሲመለስ ያንን ፎቶ ይዞ ይሄዳል፤ የእናቱ ፊት ይታያል። የስልኩን ጠባይ በሠንጠረዥ የሚያወጡ ሰዎች ይህን የሚጽፉበት ረድፍ የላቸውም።

አሁን ወደ ፊደል ልሻገር። የግዕዝ ፊደል በዓለም አቀፉ የፊደላት መለያ በዩኒኮድ ውስጥ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ይሁን እንጂ መለያ ቁጥር ማግኘት አንድ ነገር ነው፤ ስልክ ውስጥ የፊደሉ ቅርጽ መኖር ደግሞ ሌላ ነው። አንድሮይድ 2.3ን የያዙ የመጀመሪያዎቹ ርካሽ ስማርት ስልኮች፣ ለምሳሌ እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣው ትንሹ ሳምሰንግ ጋላክሲ ዋይ፣ በአማርኛ የተጻፈ መልእክት ሲደርሳቸው ባዶ ሳጥን በሳጥን ደርድረው ያሳዩ ነበር። ሲ8 በመጣበት ጊዜ ይህ ተፈትቷል፤ አማርኛ ይነበባል፣ የቁልፍ ሰሌዳ ሲጫንም ይጻፋል።

እዚህ ላይ ለወላይታ ሰው ብቻ የተሰጠ አንድ ገጠመኝ አለ። ወላይትኛ በ1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በግዕዝ ፊደል ይጻፍ ነበር፤ በኋላ በላቲን ፊደል መጻፍ ጀመረ። ስለዚህ አማርኛ ሳጥን በሆነበት በዚያ አሮጌ ስልክ ላይ ወላይትኛ በደኅና ይነበብ ነበር። አንድ ነገር ብቻ አስቸገረ። በወላይትኛ አጻጻፍ ጉሮሮ ላይ ቆም ለሚለው ድምፅ የተመደበው ምልክት 7 ቁጥር ነው። «አሁን» የሚለውን ቃል በወላይትኛ ለመጻፍ 7ን በቃሉ መካከል ሁለት ጊዜ ማስገባት ያስፈልጋል። ስልኩ ግን ቁጥርን ከፊደል ገጽ ለይቶ ነው ያስቀመጠው። ስለዚህ ጸሓፊው ከፊደል ወደ ቁጥር፣ ከቁጥር ወደ ፊደል ይመላለሳል፤ ቃል አርሚው ደግሞ ተሳስተሃል ብሎ ሌላ ያቀርብለታል። ወጣቶቻችን ምን አደረጉ? ብዙዎቹ 7ን ተዉት፤ አንባቢው ከዐውዱ ይረዳው ብለው። ለቋንቋ መምህር ይህ የሚያሳስብ ነገር ነው፤ ቋንቋው በመጻሕፍት አንድ ዐይነት፣ በስልክ ሌላ ዐይነት አጻጻፍ ሊይዝ ነው። ሲ8ም ይህን አልፈታውም። ስለ አፍሪካ የጠየቀ ኩባንያ ስለ ወላይትኛ 7 አልጠየቀም፤ ለሁሉም ጥያቄ ወሰን አለው።

ሁለቱ የሲም ቀዳዳዎች ደግሞ በጣም የሚያስገርም ታሪክ አላቸው። በኬንያና በናይጄሪያ አንድ ሰው ሁለት ሦስት የስልክ ድርጅት ደንበኛ ሆኖ፣ ወደ አንዱ ሲደውል በአንዱ፣ ወደ ሌላው ሲደውል በሌላው ሲም ይጠቀማል፤ ሁለት ቀዳዳ የተፈለገው ለዚያ ነው። በእኛ አገር ያኔ የነበረው ድርጅት አንድ ብቻ ነው። ሁለተኛው ቀዳዳ ለብዙዎቻችን ሰው የማይኖርበት ክፍል ሆኖ ተቀመጠ፤ ከቤተሰብ መደወያው የተለየ የሥራ ቁጥር የነበረው ሰው ብቻ ተጠቀመበት። ከዚያ ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2022 በአዲስ አበባ ሥራ ሲጀምር የቀዳዳው ጊዜ ደረሰ። ሰባት ዓመት ቆይቶ ማለት ነው። ስልኩ ለጎረቤት አገር ገበያ የታሰበውን ጠባይ ይዞ መጥቶ የእኛን ገበያ ጠበቀ።

ሌላውን ባጭሩ ልለፈው። ሚሞሪ ካርድ ላይ የወላይትኛ መዝሙር በሱቅ ማስጫን፣ ያለ ኢንተርኔት በዜንደር ከስልክ ወደ ስልክ ፋይል ማሻገር፣ የጆሮ ማዳመጫውን ሰክቶ ኤፍ ኤም መስማት፤ እነዚህን ሁሉ ታውቋቸዋላችሁ።

አቀባበሉ ሁሉ ምስጋና ነበር ካልኩ ግን ያልሆነውን መናገር ይሆንብኛል። በከተማ ቴክኖ የያዘ ሰው ሳምሰንግ በያዘው ይቀለድበት ነበር፤ ሳምሰንግ የያዘው ደግሞ አይፎን በያዘው። ቀልዱን ወደ ጎን ብንተው፣ አንድ ጊጋባይቱ ማስታወሻ ዓመት ሁለት ዓመት ከቆየ በኋላ አልበቃ አለ። ፌስቡኩና ቴሌግራሙ እየከበዱ ሄዱ፤ ስልኩ ይቆማል፣ ይሞቃል፣ ራሱን ያጠፋል የሚለው ሮሮ በዛ።

ከሮሮ አልፎ የከፋም ነገር ነበረ፤ በሲ8 ሳይሆን በታናሹ በቴክኖ ደብልዩ2። አፕስትሪም የተባለ የሞባይል ደኅንነት ድርጅት እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2020 ባወጣው ዘገባ፣ በአንዳንድ የደብልዩ2 ስልኮች ውስጥ ገና ከካርቶኑ ሳይወጡ ትሪያዳና ኤክስሄልፐር የተባሉ ጎጂ ፕሮግራሞች ተጭነው እንደ ተገኙ አስታወቀ። ፕሮግራሞቹ ባለቤቱ ሳያውቅ የክፍያ አገልግሎት ያስመዘግቡታል፤ የሞላውንም ሒሳብ ይበሉበታል። ዘገባው ችግሩ በዋናነት ታየባቸው ካላቸው አምስት አገሮች አንዷ ኢትዮጵያ ናት። ድርጅቱ ከ200,000 በላይ ከሆኑ ስልኮች የተነሡ 19.2 ሚሊዮን አጠራጣሪ የግዢ ሙከራዎችን እንዳገደ ገልጿል። ትራንሽን በበኩሉ ጥፋቱ በአቅርቦት ሰንሰለቱ ውስጥ ባለ ስሙ ባልተገለጸ አቅራቢ የመጣ መሆኑን፣ መፍትሔም መላኩን ተናግሯል። «ካርድ ሞልቼ ሳልደውልበት አለቀ» የሚል ሰው ሲያጋጥማችሁ ወዲያው አትሣቁበት። በአንድ ወቅት ርካሽ ስልክ የገዛ ድሃ፣ በቅናሹ ያተረፈውን በሳንቲም በሳንቲም መልሶ እየከፈለ ሊሆን ይችል ነበር።

አሁን ወደ እርጅናው እመጣለሁ፤ ዛሬ እዚህ ያመጣኝም እርሱ ነው።

ይህ በእጄ ያለው ስልክ አንዳንድ ድረ ገጾችን ለመክፈት ስሞክር «ግንኙነቱ አስተማማኝ አይደለም» ብሎ ይመልሰኛል። ኔትወርክ አለ፣ ሒሳብ አለ፣ ገጹም በሌላ ስልክ ይከፈታል። ምክንያቱ ማኅተም ነው። አንድ የቀበሌ ጸሓፊ ደብዳቤ ሲቀርብለት ማኅተሙን ያያል፤ የሚያውቀው መሥሪያ ቤት ማኅተም ከሆነ ይቀበላል፣ የማያውቀው ከሆነ ይመልሳል። ስልክም እንዲሁ ነው። ከፋብሪካ ሲወጣ የሚታመኑ ማኅተሞች ዝርዝር ይሰጠዋል፤ ድረ ገጽ ሁሉ ከነዚህ በአንዱ የተረጋገጠ ወረቀት ማቅረብ አለበት። እ.ኤ.አ. በ2015 ሌትስ ኤንክሪፕት የተባለ ለትርፍ ያልቆመ አገልግሎት ተጀመረና ማኅተሙን በነጻ መስጠት ያዘ። ነጻ ስለሆነ የዓለም ድረ ገጾች፣ በተለይ ገንዘብ የሌላቸው ትምህርት ቤቶችና ማኅበራት፣ ወደ እርሱ ጎረፉ። ሲ8ም የዚያው ዓመት ልጅ ነው፤ የያዘው ዝርዝር ግን ከዚያ ማኅተም በፊት የተጻፈ ነው። ማኅተሙ ወደ አንድሮይድ የገባው በ7.1.1 ነው፤ ሲ8 ደግሞ 5.1 ላይ ነው ያለው። ለጥቂት ዓመታት አዲሱ ማኅተም በአንድ አሮጌ፣ የታወቀ ማኅተም ዋስትና እየተቀበለ ኖረ። ያ ዋስትና እ.ኤ.አ. በ2024 መስከረም መጨረሻ ላይ አበቃ። ጸሓፊው አላጠፋም፤ ዝርዝሩን የሚያድስለት ጠፋ እንጂ። የጉግል መፈለጊያ ክሮምም በዚህ ስልክ ላይ እ.ኤ.አ. በ2021 መጨረሻ ገደማ መታደስ አቁሟል።

ይህ ለአዲስ አበባ ሰው ትንሽ ነገር ሊመስል ይችላል፤ አዲስ ስልክ ይገዛል። እዚህ ግን ስልክ ከታላቅ ወደ ታናሽ፣ ከልጅ ወደ አባት ይተላለፋል፤ አንድ ስልክ ሦስት ባለቤት ያያል። የ12ኛ ክፍል ውጤቱን በአባቱ ሲ8 ሊያይ የተቀመጠ ተማሪ አስቡ። ገጹ የዚያ ማኅተም ተጠቃሚ ከሆነ አይከፈትም። ልጁ የሚያየው በእንግሊዝኛ የተጻፈ የማስጠንቀቂያ ቃል ነው፤ «ሌቦች መረጃህን ሊሰርቁ ይሞክሩ ይሆናል» የሚል። ውጤቱ የተሰረቀ እንጂ ስልኩ ያረጀ መሆኑን በምን ያውቃል?

ለባልደረቦቼ ገጽ ለምትሠሩት ወንድሞቼና እኅቶቼ እዚህ በአደባባይ እናገራለሁ። አንድ ገጽ ከመክፈታችሁ በፊት በአዲሱ ስልካችሁ ብቻ አትሞክሩት፤ አንድ ሲ8 ከመሳቢያ አውጥታችሁ ሞክሩት። ካልተከፈተ ውጤቱን በአጭር የጽሑፍ መልእክትም ላኩት። ቴሌብር ከግንቦት 2013 ዓ.ም. ጀምሮ ሲስፋፋ ጥሩ ያደረገው ነገር *127# ብሎ በማንኛውም ስልክ መጠቀም እንዲቻል በሩን ክፍት መተዉ ነው፤ ባለ ቁልፍ ስልክም ይገባል። ያማረ መተግበሪያ መጣ ተብሎ ይህ በር እንዳይዘጋ ነው የምለምነው። የሰው ኑሮ ወደ ስልክ እየገባ ባለበት ጊዜ የትኛው ስልክ ይቆጠራል የሚለው ውሳኔ፣ የትኛው ሰው ይቆጠራል ከሚለው ብዙም አይርቅም።

በእጃችሁ ሲ8 ወይም አንድሮይድ 5 እና 6 ላይ ያለ ሌላ ስልክ ያላችሁ፣ ሁለት ነገር ማድረግ ይቻላል። ፋየርፎክስ የተባለው መፈለጊያ የማኅተሞቹን ዝርዝር ራሱ ይዞ ስለሚሄድ፣ ለስልካችሁ የሚሆን ዕትም ከተጫነ የተዘጉት ገጾች አብዛኞቹ ይከፈታሉ። ወይም የጎደለውን ማኅተም በስልኩ የደኅንነት ማስተካከያ በኩል በእጅ ማስገባት ይቻላል። በሁለተኛው ላይ ግን ተጠንቀቁ፤ የማታውቁት ሰው በገበያ መካከል «ማኅተም ልጫንልህ» ቢላችሁ እሺ አትበሉ። የውሸት ማኅተም ያስገባ ሰው የምትጽፉትን ሁሉ ሊያነብ ይችላል።

ከእኔ ጋር የመጡ ሦስት ተማሪዎች በበሩ በስተግራ ባለው ጠረጴዛ ላይ ተቀምጠዋል፤ ከሶዶ ፋይሉን ይዘው ስለ መጡ የእናንተን ሒሳብ አይነካም። አዛውንቶች ቅድሚያ ይሰጣቸው። ፎቶዎቻችሁን አስቀድመው ወደ ሚሞሪ ካርድ ይገለብጡላችኋል፤ ይህን ሳያደርጉ ስልካችሁን እንዳይነኩ ነግሬያቸዋለሁ። እስከዚያው ጥያቄ ያለው ሰው እጁን ያውጣ፤ በወላይትኛም በአማርኛም እመልሳለሁ።